ከጃንጥላ ወደ ክንፍ፦ የፓራግላይዲንግ ትርጉምና ታሪክ

ፓራግላይዲንግ ሰው ሞተርም ሆነ ጠንካራ አካል በሌለው፣ ከጨርቅና ከገመድ በተሠራ ክንፍ ሥር ተቀምጦ፣ ከተራራ ወይም ከኮረብታ ዳገት በእግሩ ሮጦ በመነሣት በአየር ላይ የሚንሳፈፍበት ስፖርት ነው። ክንፉ ፓራግላይደር ይባላል። በአማርኛ ይህ መሣሪያ ከፓራሹት ጋር እየተደባለቀ ሁለቱም በአንድነት «ጃንጥላ» ሲባሉ ይሰማል፤ ሆኖም ፓራሹት ከአውሮፕላን የዘለለን ሰው የአወራረድ ፍጥነት ለመግታት የተሠራ ሲሆን፣ ፓራግላይደር ግን ከመሬት የሚነሣ፣ ወደ ፊት የሚበርና የአየሩ ሁኔታ ሲፈቅድ ከተነሣበት ቦታ በላይ ከፍ የሚል ክንፍ ነው። አንዱ ከሌላው የተለየው ከሁለት መቶ ዓመት ገደማ ሙከራ በኋላ ነው፤ የዚህ ታሪክ አንድ ቅርንጫፍም በአዲስ አበባ የአየር ማረፊያዎች በኩል አልፎ ዛሬ ንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ እስከሚባለው የከተማዋ ደቡባዊ ክፍል ይደርሳል። የቃሉን ትርጉም በትክክል ለመያዝ ይህን ታሪክ ከመነሻው መከተል ያስፈልጋል።

የፓራሹት ልደት

ከከፍታ በጨርቅ ተንጠልጥሎ የመውረድ ሐሳብ በሥዕል ደረጃ ከሊዮናርዶ ዳ ቪንቺ ዘመን፣ ማለትም ከ15ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ የታወቀ ነበር። በተግባር የተፈተነውና ስም ያገኘው ግን በፈረንሳይ ነው። እ.ኤ.አ. በ1783 ሉዊ ሴባስቲያን ሌኖርማን በሞንፔሊዬ ከተማ ከግንብ ላይ በጨርቅ ታግዞ በመውረድ ሙከራውን ለሕዝብ ካሳየ በኋላ ለመሣሪያው ፓራሹት የሚለውን ስም አወጣለት። ስሙ «የሚከላከል» የሚል ፍች ካለው ቃልና «ውድቀት» ከሚለው የፈረንሳይኛ ቃል የተጣመረ ሲሆን፣ ፈረንሳውያን የፀሐይና የዝናብ ጥላቸውን ከሚጠሩባቸው ቃላት ጋር አንድ ሥር አለው። ከ14 ዓመት በኋላ፣ ጥቅምት 22 ቀን 1797 እ.ኤ.አ.፣ አንድሬ ዣክ ጋርነራን በሃይድሮጅን በተሞላ ፊኛ ከፓሪስ ከተማ በላይ ወጥቶ ገመዱን ከቆረጠ በኋላ በጨርቅ ጥላው ሥር በሰላም ወረደ። በዚህ ዘመን የጨርቁ ተግባር መከላከል ብቻ ነበር፤ ወደ ፊት የመብረር ጥያቄ ገና ከእርሱ ጋር አልተገናኘም።

የመብረሩ ጥያቄ ያደገው በሌላ መስመር ነው። ጀርመናዊው መሐንዲስ ኦቶ ሊሊየንታል እ.ኤ.አ. ከ1891 ጀምሮ ከእንጨትና ከጨርቅ በሠራቸው ጠንካራ ክንፎች ከኮረብታ ላይ እየሮጠ በመነሣት ደጋግሞ ተንሳፈፈ፤ በ1896 ከክንፉ ጋር ወድቆ በደረሰበት ጉዳት ቢሞትም፣ የተወው የልምድ መዝገብ ለአውሮፕላን ፈጣሪዎች መነሻ ሆነ። ስለዚህ ሃያኛው ክፍለ ዘመን ሲጀምር የሰው ልጅ ሁለት የተለያዩ ዕውቀቶች ነበሩት፤ አንደኛው በለስላሳ ጨርቅ ከውድቀት መዳን፣ ሁለተኛው በጠንካራ ክንፍ ከዳገት ተነሥቶ መንሳፈፍ ነበር። ፓራግላይዲንግ የተወለደው ሁለቱ በአንድ ጨርቅ ላይ ሲገናኙ ቢሆንም፣ ለዚያ ገና ብዙ አሥርት ዓመታት ይቀሩ ነበር።

በአዲስ አበባ ሰማይ

ኢትዮጵያ ወደ አየር ዘመን የገባችው ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. ፈረንሳዊው አንድሬ ማዬ ያበረረው ፖቴዝ 25 የተባለ አውሮፕላን አዲስ አበባ ሲያርፍ ነው። ብዙም ሳይቆይ ሚሽካ ባቢቼፍና አስፋው አሊ የበረራ ትምህርታቸውን አጠናቀው ከመጀመሪያዎቹ ኢትዮጵያውያን አብራሪዎች ተርታ ተሰለፉ። በ1922 ዓ.ም. ደግሞ በትሪኒዳድ ተወልዶ በኒው ዮርክ ሃርለም ሠፈር ስሙ የገነነው ኹበርት ጁሊያን፣ ዘውዳቸውን ለመጫን በዝግጅት ላይ ወደ ነበሩት ወደ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ መጣ። የሕይወት ታሪኩን የጻፉ ሰዎች እንደሚተርኩት፣ ጁሊያን ከአውሮፕላን በፓራሹት ዘሎ ንጉሠ ነገሥቱ በተገኙበት ስላረፈ የኮሎኔልነት ማዕረግና ኢትዮጵያዊ ዜግነት ተሰጠው። ከዘውድ በዓሉ ጥቂት ቀደም ብሎ ግን የንጉሠ ነገሥቱን አነስተኛ አውሮፕላን አብርሮ በመከስከሱ አገሩን ለቆ እንዲወጣ ተደረገ።

የጁሊያን ዝላይ ለዚህ ታሪክ የሚጠቅመው አዲስ አበባ ሰው ከሰማይ በጨርቅ ሥር ሲወርድ የተመለከተችበት ቀደምት አጋጣሚ በመሆኑ ነው። ለዚህ እይታ አማርኛ ሩቅ መሄድ አላስፈለገውም፤ በቤተ ክርስቲያን ሥርዓትና በመኳንንት አጀብ ለዘመናት የኖረው፣ ዝናብና ፀሐይ የሚከላከለው ጃንጥላ ለአዲሱ መሣሪያም ስም ሆነ። ስያሜው ለፓራሹት በሚገባ የሚመጥን ነበር፤ ፈረንሳውያንም መሣሪያውን የሰየሙት መከላከልን መሠረት አድርገው ነውና።

በዚያው ዘመን በከተማዋ ደቡብ ሌላ የአየር ቴክኖሎጂ ስም አገኘ። ያለ ሽቦ መልእክት የሚያስተላልፈው የሬዲዮ ጣቢያ በአቃቂ መንገድ ተሠርቶ በ1927 ዓ.ም. አገልግሎት ሲጀምር፣ ሕዝቡ በነፋስ ውስጥ የሚሄደውን ስልክ «ንፋስ ስልክ» አለው፤ ስሙ ለአካባቢው ተረፈ፤ በኋላም ከላፍቶ ጋር ተጣምሮ የክፍለ ከተማው መጠሪያ ሆነ። የንፋስ ስልክ ስም አማርኛ ለአዲስ ነገር ስም ሲያወጣ ነገሩ የሚሠራበትን መንገድ እንደሚመለከት የሚያሳይ ግሩም ምሳሌ ነው። ይህ ችሎታ በኋላ ስለ ፓራግላይዲንግ ለሚነሣው የስያሜ ጥያቄም መልስ የሚፈለግበት ነው።

ከጣሊያን ወረራ በኋላ የአየር ትራንስፖርት በአዲስ መልክ ተደራጀ። በ1938 ዓ.ም. የተመሠረተው የኢትዮጵያ አየር መንገድ በዚያው ዓመት መጋቢት 30 ቀን ወደ ካይሮ የመጀመሪያ በረራውን አደረገ፤ መነሻውም የልደታ አውሮፕላን ማረፊያ ነበር። የልደታ ማኮብኮቢያ ለጄት አውሮፕላኖች የሚበቃ ርዝመት እንዲኖረው ማድረግ ስላልተቻለ በ1950ዎቹ የቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ ተሠርቶ የመንገደኞች አገልግሎት ወደዚያ ተዛወረ። የቀድሞው ማረፊያ ትዝታ ግን ዛሬም በአካባቢው ስም ውስጥ አለ፤ በንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ ሰሜናዊ ጫፍ የሚገኘውን ሠፈር ነዋሪው እስከ ዛሬ «ኦልድ ኤርፖርት» ይለዋል።

በዚሁ በ1950ዎቹ ፓራሹት በኢትዮጵያ ቋሚ ተቋም አገኘ። በእስራኤላውያን አሠልጣኞች እገዛ በደብረ ዘይት ከአውሮፕላን እየዘለለ ለግዳጅ የሚሰማራ ክፍል ሲደራጅ፣ ወታደሩ «አየር ወለድ» ተባለ። ቃሉ የአየር ልጅ የማለት ያህል ክብር ስላለው በጦር ሠራዊቱም በሕዝቡም ዘንድ ተወደደ። በዚህም ምክንያት በኢትዮጵያ በጨርቅ ሥር ከሰማይ መውረድ ከወታደራዊ ጀብዱ ጋር የተቆራኘ ሆነ፤ ጃንጥላውም የሠራዊት መሣሪያ፣ ሥልጠናውም የጦር ሰፈር ሥራ ሆኖ ቆየ። በሌላው ዓለም ግን በእነዚያው ዓመታት የጨርቁ ቅርጽ መለወጥ ጀምሮ ነበር።

ጨርቁ ክንፍ የሆነበት ዘመን

እ.ኤ.አ. በ1948 አሜሪካዊው መሐንዲስ ፍራንሲስ ሮጋሎ ከባለቤቱ ከገርትሩድ ጋር ሆኖ ጠንካራ አካል የሌለው ተለዋዋጭ ክንፍ ፈለሰፈ። ከዚህ ሐሳብ በኋላ ሃንግ ግላይደር የተባለው፣ በብረት ዘንግ የተወጠረና አብራሪው በሆዱ ተንጠልጥሎ የሚያበርረው ባለ ሦስት ማዕዘን ክንፍ ወጣ። ሃንግ ግላይደር ዘንግ ስላለው የፓራግላይደር ዘመድ እንጂ ፓራግላይደር አይደለም። ለፓራግላይደር ይበልጥ የሚቀርበውን ግኝት ያስገኘው በካናዳ ተወልዶ በአሜሪካ የኖረው የካይት (በገመድ ተይዞ በነፋስ የሚበር ጨርቅ) ሠሪው ዶሚና ጃልበርት ነው። ጃልበርት እ.ኤ.አ. በ1964 የባለቤትነት መብት የጠየቀበት ጨርቅ ከላይና ከታች ሁለት ንጣፍ ያለው ሲሆን፣ በመካከላቸው ጎን ለጎን የተደረደሩ ክፍሎች ነበሩት። ክፍሎቹ በፊት ጠርዛቸው ክፍት ስለሆኑ ክንፉ ወደ ፊት ሲሄድ ነፋስ ገብቶ ይነፋቸዋል፤ ጨርቁም እንደ ተነፋ ትራስ ቅርጹን ይዞ ልክ እንደ አውሮፕላን ክንፍ የማንሣት ኃይል ይፈጥራል።

በቀጣዩ ዓመት ዴቪድ ባሪሽ ለጠፈር መንኮራኩሮች መመለሻ እንዲሆን የነደፈውን የጨርቅ ክንፍ በኒው ዮርክ ግዛት በሚገኘው በሃንተር ተራራ የበረዶ መንሸራተቻ ዳገት ላይ ዘርግቶ፣ ከላይ ወደ ታች እየሮጠ ተንሳፈፈበት፤ ድርጊቱንም በዳገት ላይ መንሳፈፍ ብሎ ሰየመው። በ1966 እ.ኤ.አ. በተለያዩ የአሜሪካ የበረዶ መዝናኛዎች እየዞረ ቢያሳየውም ስፖርቱ ሥር ሳይሰድ ቀረ። የለስላሳው ጨርቅና የዳገቱ ዕውቀት ተገናኝተው ነበር፤ ነገር ግን ድርጊቱን የሚሸከም ማኅበርም ሆነ ጸንቶ የሚኖር ስም ገና አላገኙም።

ሁለቱም የተገኙት በፈረንሳይ አልፕስ ተራሮች፣ ሚየሲ በምትባል መንደር ነው። ሰኔ 20 ቀን 1970 ዓ.ም.፣ ማለትም እ.ኤ.አ. ሰኔ 27 ቀን 1978፣ ዣን ክሎድ ቤታን፣ አንድሬ ቦንና ዤራር ቦሶን የተባሉ ሦስት የፓራሹት ዘላዮች ባለ ክፍል ፓራሹቶቻቸውን ይዘው ወደ ፔርቲዩዜ ተራራ ወጡ። ዓላማቸው ቀላልና ተግባራዊ ነበር፤ በተወሰነ ነጥብ ላይ የማረፍ ልምምድ ለማድረግ በእያንዳንዱ ዝላይ ለአውሮፕላን የሚከፈለውን ገንዘብ ለማዳን ፈለጉ። በመጀመሪያ ቤታን ከዳገቱ ሮጦ ተነሥቶ ጥቂት ዝቅ ብሎ አረፈ፤ ቀጥሎ ቦን ተነሥቶ እስከ ሸለቆው ድረስ ተንሳፈፈና 1,000 ሜትር ያህል ዝቅ ብሎ በሚገኘው የእግር ኳስ ሜዳ ላይ አረፈ። ፓራግላይዲንግ እንደ ስፖርት የሚቆጠረው ከዚህ ቀን ጀምሮ ነው። የአውሮፕላን ኪራይ የከበደባቸው ሰዎች መፍትሔ ከመሆኑ የተነሣ፣ ስፖርቱ ከመነሻው ተራራና ሁለት እግር ላለው ሰው ሁሉ ክፍት የሆነ ባሕርይ ያዘ።

ፈረንሳውያን አዲሱን ስፖርት «ፓራፓንት» አሉት። ስሙ የፓራሹትን የመጀመሪያ ክፍል ይዞ «ውድቀት» በሚለው ቃል ፋንታ «ዳገት» የሚለውን አስገባ፤ በዚህም ለውጥ የስፖርቱ ፍሬ ነገር ከመውደቅ ወደ ዳገት ተዛወረ። ጀርመኖች በበኩላቸው የጥላን ስም ሳይተዉ «የመንሳፈፊያ ጥላ» የሚል ፍች ያለው ግላይትሺርም የሚባል ቃል አበጁ። በእንግሊዝኛ ፓራግላይዲንግ የሚለው ስያሜ የተስፋፋው ካናዳዊው ፓትሪክ ጊሊጋንና የስዊዘርላንዱ በርትራንድ ዱቢዊ እ.ኤ.አ. በ1985 ቃሉን ርዕሱ ላይ ያኖረ የመማሪያ መጽሐፍ ካሳተሙ በኋላ ነው። ሦስቱም ቋንቋዎች በመንገዳቸው ቢለያዩም በአንድ ነገር ተስማምተዋል፤ አዲሱን ስፖርት በአሮጌው በፓራሹት ስም አልጠሩትም።

ስሙ እንደጸና መሣሪያውም ተለየ። በዚያው በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. አጋማሽ ስዊዘርላንዳዊው ሎራን ደ ካልበርማተን ከአውሮፕላን ለመዝለል ሳይሆን ከተራራ ለመነሣት ብቻ የተሰፋ ቀላል ክንፍ ለገበያ አቀረበ። ፓራሹት በከፍተኛ ፍጥነት ሲከፈት የሚደርስበትን ድንገተኛ ጫና መቋቋም ስላለበት በወፍራም ጨርቅና ገመድ ይሠራል፤ ፓራግላይደር ግን መሬት ላይ ሳለ ተዘርግቶ በቀስታ ስለሚነፋ ጨርቁ ሊሳሳ፣ ገመዱ ሊቀጥን፣ ክንፉም በስፋት ሊረዝም ይችላል። መስከረም 26 ቀን 1988 እ.ኤ.አ. ፈረንሳዊው ዣን ማርክ ቧቨን ከኤቨረስት ጫፍ በፓራግላይደር ተነሥቶ በደቂቃዎች ውስጥ ሁለተኛው ካምፕ ደረሰ፤ በ1989 ደግሞ በኦስትሪያ ኮሰን ከተማ የመጀመሪያው የዓለም ሻምፒዮና ተካሄደ። ጥቅምት 2016 እ.ኤ.አ. ሦስት ብራዚላውያን በአገራቸው ሰሜን ምሥራቅ በአንድ ቀን 564 ኪሎ ሜትር ተንሳፍፈው የጊዜውን የዓለም ክብረ ወሰን ሲይዙ፣ የጨርቅ ክንፍ ያለ ሞተር የሚሄድበት ርቀት ከአዲስ አበባ ጎንደር ካለው የአየር ርቀት በላይ መሆኑ ታየ።

በረራው እንዴት እንደሚከናወን

አብራሪው ከ20 እስከ 30 ካሬ ሜትር ገደማ ስፋት ያለውን ክንፍ ከኋላው በሣር ላይ ይዘረጋል፤ ገመዶቹ አለመጠላለፋቸውን አንድ በአንድ ያያል፤ የራስ ቁሩንና የመቀመጫ ቀበቶውን ያስራል። ነፋሱ ከፊት መምጣቱን ካረጋገጠ በኋላ የፊት ገመዶቹን ይዞ ወደ ፊት ሲራመድ ክፍሎቹ ነፋስ እየዋጡ ይነፋሉ፤ ክንፉም ከመሬት ተነሥቶ ከራሱ በላይ ይቆማል። በዚህ ቅጽበት ቀና ብሎ ይመለከተዋል፤ ክንፉ ቀጥ ብሎ ካልቆመ መነሣቱን ትቶ መሬት ላይ ያወርደዋል፤ ቀጥ ካለ ግን ይሮጣል፣ ከጥቂት እርምጃ በኋላም እግሩ መሬት ይለቃል። ከዚያ በኋላ በሁለት እጁ የያዛቸውን የመሪ ገመዶች በመሳብ ይዞራል፣ ፍጥነቱን ይቀንሳል፣ በመጨረሻም ሁለቱንም በአንድነት ስቦ በእግሩ ያርፋል። በመቀመጫው ውስጥ የታጠፈ የመጠባበቂያ ፓራሹት አለ፤ የሚወረወረውም ዋናው ክንፍ ከቁጥጥር ሲወጣ ብቻ ስለሆነ፣ ፓራሹትና ፓራግላይደር ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ከዚህ የበለጠ የሚያስረዳ የለም።

በ1978 እ.ኤ.አ. የነበሩት ክንፎች አንድ ሜትር ዝቅ ባሉ ቁጥር ሦስት ሜትር ያህል ወደ ፊት ይሄዱ ነበር፤ የዛሬው መደበኛ ክንፍ ግን ዘጠኝ ሜትር ያህል ይሄዳል። ይህም ማለት ከ1,000 ሜትር ከፍታ የተነሣ ሰው የሚያነሣ አየር ባያገኝም እንኳ ዘጠኝ ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ያርፋል። የሚያነሣ አየር የሚገኘው ደግሞ በሁለት መንገድ ነው፤ አንደኛው ነፋስ ከገደል ጋር ተጋጭቶ ወደ ላይ ሲያቀና፣ ሁለተኛው ፀሐይ ያሞቀችው መሬት አየሩን አሙቆ ወደ ላይ ሲለቅ ነው። ይህን ሁለተኛውን የስፖርቱ ሰዎች ተርማል ይሉታል። በኢትዮጵያ ደጋ በቀትር ክንፉን ሳያንቀሳቅስ እየዞረ የሚወጣው ጆፌ አሞራ የሚጠቀመው ይህንኑ ነው፤ በዓለም ዙሪያ ያሉ የፓራግላይደር አብራሪዎችም አሞሮች የሚዞሩበትን ቦታ እየተከተሉ የሚወጣውን አየር ያገኛሉ።

የደቡብ አዲስ አበባ ሰማይና የኢትዮጵያ ተራሮች

ስፖርቱ በምሥራቅ አፍሪካ ጥሩ ቦታ ያገኘው በስምጥ ሸለቆ ገደሎች ላይ ነው። በረጅም ርቀት ሯጮቿ የምትታወቀው የኬንያዋ ኢተን ከተማ የኬሪዮ ሸለቆን ቁልቁል የምትመለከት በመሆኗ ከልዩ ልዩ አገሮች የሚመጡ አብራሪዎች መነሻ ሆናለች። ያው ስምጥ ሸለቆ ኢትዮጵያን ለሁለት ከፍሎ ያልፋል፤ የደጋው ምሥራቃዊ ጠርዝም በጣርማ በርና በደብረ ሲና በኩል በአንድ ጊዜ ብዙ መቶ ሜትሮች ቁልቁል ይወርዳል። ተርማልንና የገደል ነፋስን የሚሹ ሰዎች የሚፈልጉት እንዲህ ያለውን መልክዓ ምድር ነው።

በንፋስ ስልክ ላፍቶ ጉዳዩ የተለየ ነው። ከክፍለ ከተማው ደቡብ ምዕራብ፣ ከጀሞ ሠፈር ባሻገር የፉሪ ተራራ ቢታይም፣ በስተ ምሥራቅ የቦሌ አውሮፕላን ማረፊያ ይዋሰነዋል፤ የማኮብኮቢያው መስመርም ወደ ምዕራብ ሲረዝም ይህንኑ የከተማዋን ክፍል ያቋርጣል። በመሆኑም የሠፈሩ ሰማይ የመንገደኛ አውሮፕላኖች የሚነሡበትና የሚያርፉበት መንገድ እንጂ የጨርቅ ክንፍ የሚሞከርበት ቦታ አይደለም። ከዚህም በላይ በ2,300 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ አየሩ ከባሕር ጠለል በአምስተኛ ያህል ስለሚሳሳ ማንኛውም ክንፍ ለመነሣት ከ10 በመቶ በላይ ተጨማሪ ፍጥነት ይፈልጋል፤ በባሕር ዳርቻ በሰዓት 36 ኪሎ ሜትር የሚበር ክንፍ በአዲስ አበባ ከፍታ 40 ገደማ ይበራል። መነሻው ረጅም ሩጫ፣ ማረፊያውም ፈጣን ይሆናል፤ ስለዚህ በቆላ የተማረ ሰው በደጋ እንደገና መማር አለበት።

ኢትዮጵያ እ.ኤ.አ. በ1944 በቺካጎ የተዘጋጀው የዓለም አቀፉ የሲቪል አቪዬሽን ስምምነት አባል አገር ናት። የሰማይዋን ሥርዓት በኃላፊነት የሚመራው የሲቪል አቪዬሽን ባለሥልጣን በመሆኑ፣ ከመሬት የሚነሣ ማንኛውም ሰው የሚሸከም ክንፍ ከሥርዓቱ ውጭ ሊታይ አይገባም። የስሙ ጥያቄ ክብደት የሚያገኘውም እዚህ ላይ ነው። ፓራግላይደር «ጃንጥላ» እየተባለ እስከ ቀጠለ ድረስ ሰሚው የሚያስበው የአየር ወለድ ወታደርን ወይም ከአደጋ መዳኛን ነው፤ በእግር ተነሥቶ ለሰዓታት የሚበር፣ የራሱ መነሻ፣ ማረፊያ፣ የነፋስ ገደብና የሥልጠና ደረጃ የሚያስፈልገው የአየር ተሽከርካሪ መሆኑ ይሰወርበታል። ያልተለየ ነገር ደንብ ሊወጣለት፣ አሠልጣኝ ሊመሰከርለት፣ ለቱሪዝምም በአግባቡ ሊውል አይችልም።

ስለዚህ ጸሐፊዎች፣ ጋዜጠኞችና የስፖርት ባለሙያዎች ጃንጥላን ለፓራሹት ትተው ይህን ስፖርት ፓራግላይዲንግ ወይም «በጨርቅ ክንፍ መንሳፈፍ» ብለው ሊጠሩት ይገባል፤ ለሬዲዮ ንፋስ ስልክን፣ ለሠራዊት አየር ወለድን ያስገኘ ቋንቋ ለዚህ አያንስም። የሚመለከታቸው መሥሪያ ቤቶችም ስፖርቱን በስሙ ለይተው ከአውሮፕላን መስመር የራቁ የመብረሪያ ሥፍራዎችን ቢከልሉና የአገሩን ወጣት በአገሩ ተራራ ቢያሠለጥኑ፣ ኢትዮጵያ ከማንም ያላነሰ የመንሳፈፊያ ምድር እንዳላት በተግባር ማሳየት ትችላለች።